ጓሮ ለሌለው ቤት የሚሆን የፎሶሊያና የአደንጓሬ አዘራር

በከተማ የሚኖር ሰው አትክልት ለመትከል ባሰበ ጊዜ አስቀድሞ የሚያሳስበው የዘሩ ነገር ሳይሆን የመሬቱ ነገር ነው። ይህም አሳብ ከዓመት ወደ ዓመት እየከበደ ሄዷል። ቀድሞ በደጋው ከተሞች ብዙው ቤት፣ ትንሽም ብትሆን፣ ጎመንና ጤና አዳም የሚበቅልባት ጓሮ ነበረችው። በአዲስ አበባ ግን ከ1990ዎቹ ዓ.ም. አጋማሽ ወዲህ የጋራ መኖሪያ ሕንፃዎች በየአቅጣጫው ሲሠሩ፣ እጅግ ብዙ ሕዝብ ከመሬት ተነሥቶ ፎቅ ላይ ሰፍሯል። ለዚህ ሕዝብ የተረፈለት ማሳ የበረንዳው ወለልና የመስኮቱ ደፍ ብቻ ነው። በናይሮቢም፣ በካምፓላም፣ በኪጋሊም ነገሩ ከዚህ ብዙ የራቀ አይደለም።

እንዲህ ባለው ስፍራ፣ በዕቃ ውስጥ በሚጨመር አፈር ላይ ምን ተክሎ መብላት ይቻላል ተብሎ ሲጠየቅ የሚሰጠው መልስ አብዛኛውን ጊዜ ቃሪያና ሰላጣ ነው። መልሱ ስሕተት የለበትም፤ ዳሩ ግን ቃሪያ የወጥ አጋዥ እንጂ ራሱን ችሎ ወጥ አይሆንም። ከካሮት ጋራ ተሠርቶ በጾም ቀን ለብቻው እንጀራ የሚያስበላው ፎሶሊያ በዕቃ ውስጥ ሊበቅል መቻሉን የሚያውቁት ጥቂቶች ናቸው።

ስለ ስሙ አስቀድሞ አንድ ነገር መናገር ያስፈልጋል፤ በገበያ ስሙ እየተለዋወጠ ገዢውን ያሳስታልና። ደረቁ ፍሬ በአንዱ አገር ቦሎቄ፣ በሌላው አገር አደንጓሬ ይባላል። ፍሬው ሳይጠና ከነቅርፊቱ የሚበላው ለጋው ዛላ ደግሞ ፎሶሊያ ነው። ሁሉም አንድ ወገን ናቸው፤ የጥንት አገራቸውም መካከለኛው አሜሪካና የአንዲስ ተራሮች ሲሆን፣ ወደ አፍሪካ የመጡት ከ16ኛው መቶ ዓመት ወዲህ ነው። የአገራችን ሰው ከጥንት ጀምሮ የሚያውቀው ባቄላ ግን ሌላ ተክል ነው፤ ብርድን ይችላል። ቦሎቄ ውርጭ አንድ ሌሊት በብርቱ ቢያገኘው ይሞታል። ይህን ልዩነት ያልተረዳ ሰው የባቄላውን የዘር ወራት ለቦሎቄ አድርጎ ድካሙን በከንቱ ያስቀረዋል።

ቦሎቄ በአበቃቀሉ ሁለት ዐይነት ነው። አንደኛው ከጕልበት በላይ የማያድግ፣ ድጋፍ የማይፈልግ አጭር ተክል ነው። ሁለተኛው ሐረግ ሆኖ የሚጠመጠም፣ ከሰው ቁመት በላይ የሚወጣ ነው። ለጠባብ በረንዳ የትኛው ይሻላል ቢባል፣ ለጀማሪ አጭሩ ይሻላል፤ ቶሎ ይደርሳል፣ ነፋስም ብዙ አይጥለውም። ሐረጉ ዘግይቶ ይደርሳል፤ ነገር ግን ወለል ሳያጣብብ ወደ ላይ ስለሚሄድና ለብዙ ሳምንት ስለሚለቀም፣ ሥራውን ለለመደ ሰው ምርቱ ይበልጣል። በሩዋንዳ ገበሬዎች መሬት ስለ ጠበባቸው ከአጭሩ ይልቅ ሐረጉን በረጅም እንጨት ላይ እየሰቀሉ መዝራትን የመረጡት ስለዚህ ነው።

የምርቱንም ልክ በግልጽ መናገር ይገባል፤ የበረንዳ እርሻ ሲወደስ ብዙ ጊዜ ከእውነቱ በላይ ይወደሳልና። ባለ 20 ሊትር ጀሪካን በጎኑ ተጋድሞ የላይኛው ፊቱ ቢቆረጥ፣ አጭሩን ዐይነት አምስት እግር ይይዛል። ደኅና አድርጎ የተያዘ አንድ እግር በሙሉ ዕድሜው ከ50 እስከ 150 ግራም የሚሆን ለጋ ፎሶሊያ ይሰጣል። ስለዚህ ከአንድ ጀሪካን የሚገኘው ከሩብ ኪሎ እስከ ሦስት ሩብ ኪሎ ነው፤ ስድስት ጀሪካን ያለው ቤት በአንድ ወቅት ከአንድ ኪሎ ተኩል እስከ አራት ኪሎ ተኩል ሊለቅም ይችላል። እነዚያው አምስት እግሮች እስኪደርቁ ቢጠበቁ ግን የሚገኘው ደረቅ ቦሎቄ ከ75 እስከ 150 ግራም ቢሆን ነው፤ ይህም ለአንድ ጊዜ ንፍሮ እንኳ አይበቃም። ደረቁን ቦሎቄ በርካሽ የሚያመርተው በስምጥ ሸለቆ በሰፊ ማሳ የሚዘራው ገበሬ ነውና ከእርሱ ጋራ በጀሪካን መወዳደር ከንቱ ነው። በቤት የሚዘራ ሰው አሳቡን በለጋው ዛላ ላይ ያድርግ። ለጋው ዛላ በተለቀመ ቁጥር ተክሉ ሌላ አበባ ያወጣል፤ ከገበያ የሚመጣው ፎሶሊያ ደግሞ ሁለትና ሦስት ቀን ሲሰነብት እየጠወለገና ጭረት እያበጀ ጣዕሙ የሚጠፋ ነው።

ዕቃውን በተመለከተ፣ ውሃ የሚያሳልፍ ቀዳዳ ከሥሩ ሊኖረውና ጥልቀቱም ለአጭሩ ዐይነት ከ20፣ ለሐረጉ ከ30 ሳንቲ ሜትር ያላነሰ ሊሆን ይገባል። ይህ ከተሟላ የተሰነጠቀ እንስራም፣ አፉ የተሸረፈ ጋንም፣ ባልዲም፣ በተለምዶ በያዘው ነገር ስም «ማዳበሪያ» እየተባለ የሚጠራው የፕላስቲክ ጆንያም ያገለግላል። ጆንያው ፀሐይ ስለሚበላው ከአንድ ወይም ከሁለት ዓመት በላይ አይቆይም። ቆርቆሮ በቀትር ፀሐይ እየጋለ ሥሩን ስለሚያቃጥል፣ በጥላ በኩል ማስቀመጥ ወይም በዙሪያው ጆንያ መጠቅለል ያስፈልጋል።

በዚህ ላይ አንድ ብርቱ ማስጠንቀቂያ አለ። የፀረ ተባይ መድኃኒት፣ የአሲድ ወይም የተቃጠለ የሞተር ዘይት የነበረበት ጀሪካን ምንም ያህል ቢታጠብ ለምግብ ተክል አይሆንም፤ መርዙ በፕላስቲኩ ውስጥ ሰርጎ ይቀራልና። እንዲህ ያለው ዕቃ በገጠርም በከተማም ታጥቦ ውሃ ሲቀዳበት ማየት የተለመደ መሆኑ የሚያሳዝን ነው። የጀሪካኑን የቀድሞ ሥራ በእርግጥ የማያውቅ ሰው ይተወው፤ የምግብ ዘይት የነበረበትን ቢፈልግ አያጣም።

ከዕቃው ይልቅ አፈሩ ይበልጣል። በአዲስ አበባ ዙሪያ በብዙ ስፍራ የሚገኘው ጥቁር ዋልካ ሲረጥብ እንደ ሊጥ ይጣበቃል፣ ሲደርቅ ይሰነጠቃል። ይህ ጠባዩ በተለይ ለቦሎቄ ክፉ ነው። ባቄላ ሲበቅል ፍሬውን ከመሬት በታች ትቶ ቡቃያውን ብቻ ያወጣል፤ ቦሎቄ ግን ለሁለት የተከፈለውን ፍሬ በአንገቱ ተሸክሞ ከአፈር በላይ ስለሚወጣ፣ በላዩ የጠነከረ ቅርፊት ካገኘ አንገቱ ይሰበራል። ዘሩ አልበቀለም ተብሎ ነጋዴው ከሚታማባቸው ጊዜያት ብዙዎቹ የአፈሩ ጥፋቶች ናቸው። ስለዚህ ሁለት እጅ ቀይ አፈር፣ አንድ እጅ በደንብ የበሰበሰ ፍግ ወይም ኮምፖስት፣ አንድ እጅ ደግሞ አሸዋ ወይም ለመንገድ የሚደለደለው ቀዩ የእሳተ ገሞራ ጠጠር ተነፍቶ ይቀላቀል። ፍጉ ሦስትና አራት ወር ያልሞላው እርጥብ ከሆነ ሥሩን ያቃጥላል። የቡና አተላ፣ የአትክልት ልጣጭና የእንቍላል ቅርፊት ከደረቅ ቅጠል ጋራ ተደባልቀው በአንድ ቀዳዳ ባለው ባልዲ ውስጥ ቢብላሉ፣ ፍግ ለማያገኝ የፎቅ ነዋሪ ኮምፖስት ይሆኑለታል። አመድ ጥቂት ቢጨመር አይጎዳም፤ በየሳምንቱ ማፍሰስ ግን አፈሩን አበላሽቶ ቅጠሉን ቢጫ ያደርገዋል።

አፈሩ ከብዙ መኪና መንገድ ዳር አይወሰድ። በእርሳስ የተቀላቀለ ቤንዚን ከሰሐራ በታች ባሉት የአፍሪካ አገሮች ከሞላ ጎደል እስከ 2006 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ድረስ ተወግዷል፤ ይሁን እንጂ አስቀድሞ በመሬት ላይ የወደቀው እርሳስ በቀላሉ የሚጠፋ አይደለም። የከተማው አንዳንድ አትክልት የሚጠጣው የፋብሪካና የቤት ፍሳሽ በሚገባበት በአቃቂ ወንዝ መሆኑን የሚያውቁ ሰዎች፣ የሚበሉት ተክል በምን አፈርና በምን ውሃ እንዳደገ በዐይናቸው ማየት ይወዳሉ። የበረንዳው ጀሪካን ከኪሎው ቍጥር ይልቅ በዚህ ሳይመሰገን አይቀርም።

ቦሎቄ በሥሩ ላይ በሚኖሩ በዐይን በማይታዩ ረቂቅ ሕዋሳት አማካይነት ከነፋስ ናይትሮጂን እየወሰደ ራሱን የሚመግብ ተክል ነው። ዳሩ ግን ከጥራጥሬዎች ሁሉ በዚህ ሥራ ደካማ ከሚባሉት አንዱ ነው፤ ደግሞም ቦሎቄ ተዘርቶበት በማያውቅ አፈር ውስጥ እነዚህ ሕዋሳት ጥቂት ናቸው። መድኃኒቱ ቀላል ነው። ቦሎቄ በደንብ ከበቀለበት ማሳ አንድ ሁለት እፍኝ አፈር አምጥቶ ከአዲሱ ጋራ ማደባለቅ ነው። ተክሉ አበባ ሲያወጣ አንድ እግር ተነቅሎ ሥሩ ቢታይ ትናንሽ ዕባጮች ይገኙበታል፤ ዕባጩ ሲሰነጠቅ ውስጡ እንደ ሥጋ ቀላ ያለ ከሆነ ሥራውን እየሠራ ነው። ነጭ ወይም አረንጓዴ ከሆነ ግን እየሠራ አይደለም። ዩሪያ በብዛት የሚጨምር ሰው ይህን ሥራ ያስተዋል፤ ተክሉም ቅጠል ብቻ ሆኖ ዛላ ይነፍገዋል።

ዘሩ ከዘር መሸጫ ቢገዛ መልካም ነው፤ ካልተገኘም የገበያው ቦሎቄ ያረጀ እስካልሆነ ድረስ ይበቅላል። ለመፈተን አሥር ፍሬ በረጠበ ጨርቅ ጠቅልሎ አንድ ሳምንት ማቆየት ይበቃል፤ ስምንቱ ካቆጠቆጡ ዘሩ ደኅና ነው። ነገር ግን ከመልካሳ የምርምር ማዕከል የወጡት እንደ አዋሽ 1 እና ናስር ያሉት ዐይነቶች ለደረቅ ፍሬ የተመረጡ ስለ ሆኑ ዛላቸው ቶሎ ይጠነክራል። ለፎሶሊያ የሚሆነው ጭረት የሌለበት ዐይነት ነው። ዘሩን ሌሊቱን በውሃ ዘፍዝፎ ማሳደር ብዙዎች የሚያደርጉት ነገር ቢሆንም አይመከርም፤ ፍሬው በድንገት አብጦ ይሰነጠቃልና። አፈሩ ቀድሞ በደንብ ይጠጣና በማግስቱ ዘሩ ከሦስት እስከ አራት ሳንቲ ሜትር ጠልቆ፣ ከ10 እስከ 15 ሳንቲ ሜትር ተራርቆ ይዘራ። እስኪበቅል ድረስ ብዙ ውሃ ማብዛት ዘሩን ያበሰብሰዋል።

የዘሩ ወራት እንደ አገሩ ይለያያል። እንደ አዲስ አበባና እንደ አሥመራ ከ2,300 ሜትር በላይ ባሉት ከተሞች ውርጭ የሚፈራው ከኅዳር እስከ ጥር ነው፤ ስለዚህ በመስከረም መጀመሪያ የተዘራው ብርዱ ሳይበረታ ይለቀማል፣ ሁለተኛውም ዘር ከየካቲት አጋማሽ በኋላ ይሆናል። የቤቱ ግድግዳ ቀን የሞቀውን ሙቀት ሌሊት ስለሚመልስ በረንዳ ላይ ያለ ተክል ከሜዳው ይልቅ ከውርጭ ይጠበቃል። በክረምት ደመናና በረዶ፣ ቅጠሉንም የሚያርሰው ዝናብ ተክሉን ያስቸግሩታል። በአዳማና በሐዋሳ ውርጩ ብዙ አያሰጋም። በድሬ ዳዋ ግን ጠላቱ ሙቀት ነው፤ ሙቀቱ ከ30 ዲግሪ ሲያልፍ አበባው ሳያፈራ ይረግፋልና በጥቅምትና በኅዳር መዝራትና ከቀትር በኋላ ጥላ ማበጀት ያስፈልጋል። በምጽዋና በጅቡቲ ላለ ሰው ቦሎቄውን ትቶ ዐረቦች ሎቢያ የሚሉትን ጥቁር ዐይን ያለውን የቆላ ጥራጥሬ ቢዘራ ይሻለዋል።

ተክሉ በቀን ከስድስት ሰዓት ያላነሰ ፀሐይ ይፈልጋል። በዚህ ጉዳይ የፎቅ ነዋሪ የበረንዳውን ፊት ማወቅ አለበት። በአዲስ አበባ ፀሐይ በቀትር ከሚያዝያ መጀመሪያ እስከ ነሐሴ መጨረሻ ወደ ሰሜን ታደላለች፤ በቀሩት ወራት ወደ ደቡብ ታደላለች። ስለዚህ በረንዳው ወደ ደቡብ የሚመለከት ሰው በመስከረምም በየካቲትም ዘርቶ ይጠቀማል። ወደ ሰሜን የሚመለከተው ግን ፀሐይ የሚያገኘው ደመና በበዛበት ጊዜ ስለ ሆነ፣ ፎሶሊያን ትቶ ጎመንና ቆስጣ ቢተክል ይበጀዋል። ይህን ሳይመለከቱ ዘርን ማማረር ተገቢ አይደለም።

ውሃ በፈረቃ በሚመጣባቸው ሰፈሮች ነገሩ በእውነት ያስቸግራል። አንድ ጀሪካን ተክል በበጋ ከአንድ እስከ ሁለት ሊትር በየቀኑ ይጠጣል፤ በተለይ ከአበባው እስከ ዛላው ድረስ አንድ ቀን ከተጠማ አበባው ይረግፋል። ስለዚህ ስድስት ጀሪካን ለመዝራት የሚያስብ ሰው በየቀኑ እስከ 12 ሊትር ሊያወጣ መቻሉን አስቀድሞ ያስላ፤ የማይችል ከሆነ ሁለት ጀሪካን ይዝራ። ጎመንና ድንች የታጠበበት ውሃ መልካም ነው፤ በረኪና የገባበት የልብስ ውሃ ግን አይሆንም። አፈሩን በደረቅ ሣር መሸፈን ውሃውን ይቆጥባል፤ ለዚህም ከበዓል በኋላ ከቤት ተጠርጎ የሚጣለው ቄጤማ ይበቃል። ጧት ሥሩን ማጠጣት እንጂ ማታ ቅጠሉን ማርጠብ አይገባም፤ ዋግ የሚባለው የቅጠል በሽታ የሚራባው በረጠበ ቅጠል ላይ ነው።

ከተባዮች ሁሉ የሚያስፈራው በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሳምንታት የሚመጣው ነው። አንዲት ትንሽ ጥቁር ዝንብ በለጋው ቅጠል ላይ እንቍላልዋን ትጥላለች፤ ትሉም በግንዱ ውስጥ ወርዶ ከአፈሩ አጠገብ ይበላዋል። ቅጠሉ ቢጫ ይሆናል፣ ግንዱም አብጦ ይሰነጠቃል። በብርቱ የተጎዳው ይነቀል፤ ለቀረው በግንዱ ዙሪያ አፈር ቢከመርለት ከላይ አዲስ ሥር አውጥቶ ሊድን ይችላል። ክሽክሽ ሲመጣ ጥቂት ሳሙና በተበጠበጠበት ውሃ ማጠብ፣ በደረቅ ሙቀት ከቅጠሉ ሥር ቀጭን ድር የሚሠራውን ቀይ ሸረሪትም በንጹሕ ውሃ ደጋግሞ መርጨት ይበቃል። ለዝንብና ለበረሮ የሚረጨውን መድኃኒት በሚበላ ተክል ላይ መርጨት ፈጽሞ የተከለከለ ነው።

አጭሩ ዐይነት በሞቀ ስፍራ ከ50 እስከ 60 ቀን፣ በደጋ ከዚያ ዘግየት ብሎ መለቀም ይጀምራል። ፍሬው በቅርፊቱ ላይ ሳያብጥ፣ ዛላው ሲታጠፍ ቀጭ ብሎ በሚሰበርበት ጊዜ በየሁለትና በየሦስት ቀን ይለቀም። ለዘር የሚቀረው አንድ ሁለት እግር ብቻ ሳይለቀም ይድረቅ። ቦሎቄ አበባው ሳይከፈት ራሱን የሚያዳቅል በመሆኑ ንብ በማይደርስበት ፎቅ ላይ እንኳ ያፈራል፣ ዘሩም ከእናቱ አይለይም። የደረቀው ዘር ነቀዝ እንዳይበላው በደንብ በተከደነ ጠርሙስ ይቀመጥ።

ስለ አበሳሰሉ ሳይነገር ሊታለፍ የማይገባው ነገር አለ። ጥሬ አደንጓሬ፣ በተለይ ቀዩ፣ የሚመርዝ ነገር አለበት፤ አራት ወይም አምስት ጥሬ ፍሬ እንኳ ከአንድ እስከ ሦስት ሰዓት ባለው ጊዜ ውስጥ ብርቱ ትውከት ሊያመጣ ይችላል። በረንዳ ላይ የሚጫወቱ ሕፃናት ዘሩን ወደ አፋቸው እንዳያደርጉ መጠበቅ ያስፈልጋል። ደረቁ ከአምስት ሰዓት ያላነሰ ተዘፍዝፎ ውሃው ይደፋና በአዲስ ውሃ በኀይል እየፈላ ከ30 ደቂቃ ያላነሰ ይቀቀል። በአዲስ አበባ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ስለ ሆነ ከዚህም ጥቂት መጨመር ደግ ነው። በደከመ ከሰል ላይ ሳይፈላ ለብዙ ሰዓት ማቆየት መርዙን አያጠፋውም፤ ይብሱን ሊያበረታው ይችላል። ለጋው ፎሶሊያም በጥሬው አይበላ።

በመጨረሻ ስለ ጎረቤት። አንድ ጀሪካን የረጠበ አፈር ከ25 እስከ 30 ኪሎ ይመዝናል። ይህን ከበረንዳው አጥር ላይ ወይም ከመስኮት ደፍ ላይ ማስቀመጥ ከታች በሚያልፈው ሰው ሕይወት መቀለድ ነው። ዕቃው ሁሉ በወለሉ ላይ፣ ወደ ግድግዳው ተጠግቶ ይቀመጥ፤ ከሥሩም ፍሳሹን የሚቀበል ሳፋ ይኑረው፤ ከላይ የወረደ ጭቃማ ውሃ የታጠበ ልብስ ሲያበላሽ የሚነሣው ጠብ ከፎሶሊያው ዋጋ ይበልጣልና። የምድር ቤት ነዋሪዎችና በሕንፃው ግቢ ጥቂት ስፍራ የተፈቀደላቸው ማኅበሮች ግን፣ በናይሮቢ በኪቤራ ሰፈር ከ2008 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ወዲህ የተስፋፋውን የጆንያ እርሻ ሊሞክሩ ይችላሉ። ጆንያው በአፈር ሲሞላ በመካከሉ ከላይ እስከ ታች የጠጠር ዐምድ ይተውለታል፤ ውሃው በዚያ ወርዶ ለሁሉ ይዳረሳል። በጎኑ በሚበሱት ቀዳዳዎች ጎመን ይተከላል፣ በአናቱም ላይ አራት አምስት እግር ፎሶሊያ ይዘራል።

ፎሶሊያው አልቆ ሲደርቅ ግንዱ ከላይ ተቆርጦ ሥሩ በአፈሩ ውስጥ ይቅር፤ በዚያው ጀሪካን ፎሶሊያ ወዲያው አይደገምም፣ ቆስጣ ወይም ጎመን ይተከልበታል።